ኳስ ስተኩስ የኖርኩባቸው ዓመታት

ሥራዬ ኳስ መተኮስ ነበር። ይህን ስል ሰው መጀመሪያ ይስቃል፤ ቀጥሎ "በምን?" ይለኛል። በመድፍ ነው። የጦር መድፍ አይደለም፤ ረጅም የብረት ቧንቧ ነው፣ ከበስተኋላው የታመቀ አየር የሚይዝ ጋን ተገጥሞለታል። ኳሷን ቧንቧው ውስጥ እናስገባና አየሩን በአንዴ ስንለቀው፣ ዓይን ሳያያት ወጥታ ትሄዳለች። ወዲያ ጫፍ የሚጠብቃት የራስ ቁር ወይም የብረት ፍርግርግ ያለው የፊት ጭምብል ያጠለቀ የፕላስቲክ ጭንቅላት ነው። ጭምብሉ ከቻላት ማለፊያ ይለጠፍለትና ለገበያ ይወጣል፤ ካልቻላት ወደ ሠራው ድርጅት ይመለሳል። ሎስ አንጀለስ አጠገብ ፓሳዴና በሚገኝ አንድ የሙከራ ቤት ውስጥ ለዘጠኝ ዓመት ያህል ይህን ስሠራ ኖርኩ።

በፈረንጆቹ 2019 መጨረሻ ጡረታ ስወጣ የጸሎት ቡድናችን እህቶች ፌርፋክስ ላይ ምሳ ጋበዙኝ። አንዷ፣ ስንት ዓመት አብራኝ የጸለየች ሴት፣ "ወይንሸት፣ የስፖርት ዕቃ ሱቅ ውስጥ አልነበር እንዴ የምትሠሪው?" አለችኝ። ሌላዋ ደግሞ "የለም፣ ሆስፒታል ናት" አለች። ሁለቱም ሥራዬ እንዲባረክ ሲጸልዩ ነው የኖሩት። እግዚአብሔር አድራሻውን ስለሚያውቀው ጸሎታቸው መንገድ አልሳተም። እኔ ግን ይህን ያህል ዝም ማለቴ ደግ አልመሰለኝም። ይህን የምጽፈው ለዚያ ነው።

አዲስ አበባ ሳለሁ በአንድ የክር ፋብሪካ የጥራት ክፍል ውስጥ ነበርኩ። ሥራዬ ክር መበጠስ ነበር። ማሽኑ ክሩን በሁለት ጫፍ ይዞ ይስበዋል፤ ክሩ እስኪበጠስ ድረስ ስንት ኃይል እንደቻለ እኔ አነባለሁ። ዲቪ ደርሶኝ ሎስ አንጀለስ ስመጣ ክር የሚያስበጥሰኝ አላገኘሁም። ሆሊውድ ውስጥ በአንድ ፓርኪንግ መግቢያ ላይ፣ በጠባብ የመስታወት ቤት ተቀምጬ ቲኬት ስቀበል ዓመታት አለፉ። አንድ እሑድ ፓሳዴና ቢሮ የምታጸዳ የቤተ ክርስቲያን እህት መጥታ፣ "እኛ ሕንፃ ውስጥ ቀኑን ሙሉ ዕቃ ሲሰብሩ የሚውሉ ሰዎች አሉ። ሠራተኛ ይፈልጋሉ። ያንቺ ሙያ አይደለም ወይ?" አለችኝ። በማግስቱ ባቡር ቀያይሬ ሄድኩ።

ያነጋገሩኝ ራሞን የሚባሉ ቀጭን ሜክሲኮአዊ ሽማግሌ ነበሩ። መከላከያ መነጽራቸው በገመድ ታስሮ ከአንገታቸው አይወርድም። ስለ ትምህርቴም ስለ እንግሊዝኛዬም ምንም አልጠየቁኝም። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ነገር አስቀመጡ፤ አንዷ የጎልፍ ኳስ፣ አንዷ ላባ ያላት የባድሚንተን ኳስ።

"ሲመቷቸው የትኛዋ ትፈጥናለች?" አሉኝ።

ጎልፏን አነሳሁ። ሳቁ። "ከራኬቱ ላይ ስትነሳ ላባዋ ትቀድማለች። በሰዓት ከአራት መቶ ኪሎ ሜትር በላይ የሄደችበት ጊዜ አለ። ግን ላባዋ አየሩን ስለሚይዘው ወዲያው ትደክማለች። ጎልፏ አትደክምም። አሁን ንገሪኝ፣ የትኛዋን ትፈሪያለሽ?"

"ዓይኔ ላይ የምታርፈውን" አልኳቸው።

"ሰኞ ነይ" አሉኝ።

ደሞዙ ከፓርኪንጉ ይሻላል፣ ኢንሹራንስም አለው፤ የሚሞላው ወረቀት ግን ለጉድ ነው። ስለ ደሞዙ ይህን ያህል ካልኩ ይበቃል።

የመጀመሪያውን ዓመት ያሳለፍኩት ኳስ በመተዋወቅ ነው። እስከዚያ ድረስ ኳስ ማለት ለእኔ እግር ኳስ ብቻ ነበር፤ እሷ እንኳን በብርቱ መቺ እግር በሰዓት ከሰባ ማይል በላይ ትሄዳለች። ጎልፍ ከጎበዝ መቺ ዱላ ላይ ስትነሳ ከመቶ ስድሳ ማይል ታልፋለች። የበረዶ ሆኪ ኳስ ጨርሶ ኳስ አይደለችም፤ ጠፍጣፋ ጎማ ናት፤ ከጨዋታ በፊት ስለሚያቀዘቅዟት ድንጋይ ትሆናለች፣ እሷም መቶ ማይል ገደማ ትሄዳለች። ራሞን ከሁሉ የሚጠሏት፣ በራኬት ግድግዳ ላይ የምትመታው የስኳሽ ጨዋታ ኳስ ነበረች። ትንሽ ናት፤ በመጠን ከዓይን ጉድጓድ ጋር ልክ ናት። ትልቅ ኳስ ግንባርና ጉንጭ አጥንት ላይ ትቆማለች፤ እሷን የሚያቆማት አጥንት የለም። ሶፍትቦል ደግሞ አለች፣ ሴቶች ልጆች በብዛት የሚጫወቷት፣ የቤዝቦል እህት። ስሟ "ለስላሳ" ቢልም ለስላሳ አይደለችም። ወርዋሪዋ ክንዷን እንደ ወፍጮ አዙራ ከታች ትወረውራለች፤ መቺዋ በዱላ ትመልሳለች። በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ከቤዝቦል በጣም ያጥራል። ስለዚህ ኳሷ ተመትታ ስትመለስ ወርዋሪዋ እጇን ለማንሳት እንኳን ጊዜ አይኖራትም።

አንድ ተኩስ ለማዘጋጀት የሚፈጀው ጊዜ ሰውን ያሰለቻል፤ እኔ ግን የምወደው እሱን ነበር። ኳሶቹም ጭምብሎቹም ሙቀቱ በማይለዋወጥ ክፍል ውስጥ ያድራሉ። ጠዋት እያንዳንዷን ኳስ እንመዝናለን፣ ስፌቷ ወደየት እንደዞረ እናያለን። ለፕላስቲኩ ጭንቅላት ጉንጩንና የዓይኑን ዙሪያ ነጭ ቅባት እንቀባዋለን፤ ጭምብሉ ጎብጦ ፊቱን ከነካው ቅባቱ ላይ አሻራ ይቀራል። ከቧንቧው አፍ ወዲያ ሁለት የብርሃን ጨረሮች አሉ፤ ኳሷ አንዱን ቆርጣ ሌላውን እስክትቆርጥ ያለው ጊዜ ፍጥነቷን ይነግረናል። ከዚያ በር ይዘጋል፣ ደወል ይደወላል፣ ይተኮሳል።

ራሞን ከመተኮሳቸው በፊት የኮምፒዩተሩን ስክሪን ያጠፉ ነበር። ኳሷ ከመታች በኋላ ወደ እኔ ዞረው "ምን አየሽ?" ይላሉ። መጀመሪያ ሰሞን "ምንም፤ ፈጠነችብኝ" ነበር መልሴ። አልተቆጡም። "እሷን አትከተያት፣ አትደርሺባትም። ጭምብሉን እይ" አሉኝ። ቀስ በቀስ ዓይኔ ለመደ። "ፍርግርጉ በቀኝ በኩል ጎበጠ፣ ጉንጩን ነካ፣ ተመለሰ" ማለት ስጀምር ስክሪኑን ያበሩና ካሜራው የቀረጸውን በዝግታ ያሳዩኛል። ሲመሳሰል ራሳቸውን ነቅነቅ ያደርጋሉ። ሌላ ሙገሳ አያውቁም። ያለፉትን ጭምብሎች አያስቀምጧቸውም፤ የተሰባበሩትን ግን መስኮቱ ላይ ደርድረው ጠዋት ጠዋት አንድ አንዱን እያነሱ ያዩታል። "ጋሼ" ማለት ምን እንደሆነ ስነግራቸው ደስ ብሏቸው፣ ከዚያ ወዲያ መሥሪያ ቤቱ በሙሉ "ጋሼ ራሞን" ይላቸው ጀመር።

ጡረታ ሲወጡ ቦታቸውን ለእኔ ሰጡኝ። የክፍሉ አለቃ ዳያን የምትባል ኢንጂነር ነበረች፤ ከእኔ በብዙ ዓመት ታንሳለች፣ ቃሏ አጭር ነው፣ ከጀመረች አትተውም። ተስማምተን ሠራን።

እንግዲህ ወደ በላይና ወደ ሴት ልጁ ልምጣ።

በላይ ሳንታ ሞኒካ ሆቴል ውስጥ የመኪና አቆሚዎች ኃላፊ ነው፤ የሚኖረው ከእኔ ቤት ሁለት መንገድ አልፎ ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ የእኛ ሰፈር አባቶች ፓርክ ውስጥ ኳስ ይጫወታሉ፤ ከጨዋታው ወሬው ይበዛል። በላይ በወጣትነቱ በአንድ ምት መረብ ቀድጃለሁ ይላል፤ ሌላው የጎል ብረት አጉብጫለሁ ይላል። አንድ ቅዳሜ ጋሼ ራሞንን የፍጥነት መለኪያ ራዳራቸውን ይዘው እንዲመጡ ለመንኳቸው። ከጎሉ መረብ ኋላ ቆሙ፤ አባቶች ተሰለፉ። ሁሉም ከልቡ መታ። ከሁሉ የበለጠው በላይ ነበር፤ ሃምሳ አራት ማይል። እጁን ወደ ሰማይ አነሳ።

ያኔ ሳር ላይ ተቀምጣ ስልኳን ስታይ የነበረችው ሴት ልጁ ተነሳች። ሶሊያና ትባላለች፤ አሥራ አምስት ዓመቷ ነበር።

"እትዬ ወይንሸት፣ እኔም ትራይ ላድርግ?" አለችኝ።

"በእግር ነው እኮ" አላት አባቷ።

"እኔ በእጄ ነው ዳዲ፤ ኳስ አለኝ" አለችና ከመኪናው ሶፍትቦሏን አመጣች።

ክንዷን አንዴ አዞረችው፤ ዳሌዋ አጠገብ ስትለቃት መረቡ ተርገበገበ። ራሞን ራዳሩን አዩት፣ ከዚያ ወደ በላይ አዞሩለት። ሃምሳ ስምንት ይላል።

"ከታች?" አለ በላይ። "ከታች ነው እኮ የወረወረችው።"

አባቶች ሁሉ ያጨበጭቡ ጀመር። በላይ ልጁ ሶፍትቦል እንደምትጫወት ያውቃል፤ ጨዋታዋን ሁሉ ሄዶ በስልኩ ይቀርጻል፤ ሕጉ ግን አንዱም አይገባውም ነበር። ያን ቀን ፊቱ እንደ መብራት በራ። ከዚያ ግን ጠጋ ብሎ፣ "እትዬ፣ ይቺን የሚመልስባት ሰው ዱላ ይዞ ነው የሚቆመው። ኳሷ ስትመለስ ከዚህ ትፈጥናለች ማለት ነው?" አለኝ።

"ብዙ ጊዜ አዎ" አልኩት።

"ምን ልግዛላት?"

እኔም ነገርኩት። በዚያ ዓመት የሞከርነው አንድ የፊት ጭምብል ነበር፤ ቀላል፣ ጥሩ አድርጎ የሚያሳይ፣ የብረት ፍርግርግ ያለው። በእጄ ተኩሼበት አንዴም አልተበገረም። በማግስቱ ገዛላት።

በቀጣዩ ዓመት ጸደይ ሥራ ላይ ሳለሁ በላይ ደወለ። ሳንታ ሞኒካ ሆስፒታል ነበሩ። በጨዋታ ላይ የተመታች ኳስ ቀጥ ብላ የሶሊያናን ፊት መትታለች። ጭምብሉን አድርጋ ነበር፤ ግን ፍርግርጉ በግራ በኩል ከክፈፉ ለቆ ጫፉ ወደ ውስጥ ገብቷል፤ ከዓይኗ ሥር ያለው አጥንት ተሰብሯል። ስደርስ ቀዶ ሕክምና ክፍል አስገብተዋት ነበር። በላይ ጭምብሉን በፕላስቲክ ከረጢት ይዞ ኮሪደሩ ላይ ቆሟል።

"እትዬ ወይንሸት፣ እርስዎ ያሉኝ ይሄ ነው አይደል?" አለኝ። አልጮኸም። ቢጮህ ይሻለኝ ነበር።

"እሱ ነው" አልኩት። ከረጢቱን ስጠኝ ስለው ሰጠኝና ፊቱን አዞረ።

በማግስቱ ጭምብሉን ዳያን ጠረጴዛ ላይ አስቀምጬ፣ "ልጅቷን አውቃታለሁ። እንዲገዙት የነገርኳቸውም እኔ ነኝ" አልኳት።

ዳያን ብዙ ካየችው በኋላ፣ "እንግዲያው በዚህ ጉዳይ አንቺ አትተኩሺም፤ ሌላ ሰው ይተኩሳል" አለች። "ግን ከክፍሉ እንዳትወጪ። ዓይንሽ ያስፈልገኛል።"

ከሱቅ ተመሳሳይ ጭምብሎች ገዝተን ጀመርን። አልተሰበረም። ፍጥነቱን ጨመርን፤ አልተሰበረም። ከግራ፣ ከቀኝ፣ ከሥር ተኮስንበት፤ ጎበጥ ይልና ይመለሳል። ጭምብሉን የሠራው ድርጅት ትልቅ ደንበኛችን ነበር፤ ሰዎቹ ነገሩን ሲሰሙ ልጅቷ ማሰሪያውን አላልታው ይሆናል አሉ። ሶሊያና ይህን ሰማች። አባቷ እንደነገረኝ ከዚያ በኋላ ስለ ጨዋታ ማውራት ተወች።

በላይ የዚያን ቀን ጨዋታም ቀርጾት ነበር። ቪዲዮውን ሊሰጠኝ ባይፈልግም ሰጠኝ። ከዳያን ጋር ሆነን ኳሷ ከዱላው እስከ ፊቷ የሄደችበትን እያንዳንዱን ምስል አስቁመን አየነው። ያን መመልከት በሥራ ዘመኔ ከባዱ ነገር ነው፤ ልጅቷ በእያንዳንዱ ምስል ላይ ገና አልተመታችም። ፍጥነቱን አሰላነው። እኛ ከምንተኩስበት በታች ነበር። ጭምብሉ በደንብ ሊችላት የሚገባ ኳስ ናት። ያን ምሽት ባቡር ውስጥ ስመለስ፣ የሠራሁት ሥራ ሁሉ ምን እንደሚረባ ራሴን ጠየቅኩ። ሰው አምኖኝ ልጁ ፊት ላይ ያደረገው ነገር ነው የተሰበረው፤ ለምን እንደተሰበረ እንኳን ልነግረው አልቻልኩም።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ሶሊያናን ልጠይቃት ሄድኩ። ግራ ጉንጯ አብጦ ነበር፤ ሐኪሞቹ ዓይኗ እንደሚተርፍ ተናግረዋል። ሙዝ ይዤላት ነበር፤ እሷ ስትበላ እኔ ስለዚህም ስለዚያም አወራሁ። ከዚያ እሷው ጀመረች።

"እኔ እኮ አላላላሁትም፣ እትዬ። አይ ስዌር። ሁልጊዜ ሎከር ሩም ውስጥ ነው የማጠብቀው፤ ከባጌ ሳወጣው ራሱ ቼክ አደርገዋለሁ።"

"ባግሽን የት ነው የምታስቀምጪው?"

"ትራንክ ውስጥ ነዋ። የዳዲ መኪና ትራንክ ውስጥ። ቤት ካስገባሁት እረሳዋለሁ፤ ሶ እዛው ይሆናል።"

"ክረምት ከበጋ?"

"ኦልዌይስ።"

የክር ፋብሪካው ትዝ አለኝ። እዚያ ክሩን ከመሳባችን በፊት በአንድ ክፍል እናሳድረው ነበር፤ ምክንያቱም ሙቀት ያየ ክርና ቅዝቃዜ ያየ ክር በአንድ ኃይል አይበጠስም። ፓሳዴናም የምናደርገው ያንኑ ነው። ጭምብሉ ደልቶት አድሮ፣ ደልቶት ይመጣና ይመታል። በዚህ ከተማ ግን ሰው ሁሉ ዕቃውን የሚያኖረው ከመኪናው ኋላ፣ ትራንኩ ውስጥ ነው፤ ትራንኩ ደግሞ በነሐሴ ምን እንደሚመስል እዚህ የኖረ ያውቃል።

ሰኞ ለዳያን ነገርኳት። እሷም ሳታስጨርሰኝ የሶሊያናን ጭምብል አንስታ ፍርግርጉን ከክፈፉ ጋር የሚይዙትን ትንንሽ የፕላስቲክ መቆንጠጫዎች በማጉያ መነጽር ታያቸው ጀመር። "ብረቱ ሲሞቅ ይለጠጣል፣ ሲቀዘቅዝ ይሰበሰባል። ፕላስቲኩ በየቀኑ እየተጎተተ ኖሯል" አለች። "በምድጃ ማሞቅ እንችላለን። ግን እኔ እውነተኛውን ትራንክ ነው የምፈልገው።"

በዚያ በጋ የመሥሪያ ቤታችን ሰው ሁሉ ትራንክ ጭምብል ሞላበት። የእኔ አሮጌ መኪና ስድስት ፊት ይዛ ትዞር ነበር። ባቡሩን ትቼ በየቀኑ ድራይቭ እያደረግኩ እሄዳለሁ፤ ፀሐይ ላይ ፓርክ አደርጋለሁ፤ ጥላ ካገኘሁ እሸሻለሁ። አንድ ቀን ፌርፋክስ ገበያ ሽንኩርትና በርበሬ ገዝቼ ሻጩ ሊጭንልኝ ትራንኩን ሲከፍት፣ ስድስቱም ቀና ብለው ሲያዩት ወደ ኋላ አፈገፈገ። "እትዬ፣ እነዚህ ምንድን ናቸው?" አለኝ። "የሥራ ባልደረቦቼ ናቸው፤ ሽንኩርቱን ጎን አድርግልኝ" አልኩት።

ጥቅምት ላይ ሰበሰብናቸው። እኔ መተኮስ ስለማልችል ዳያን ራሞንን ከጡረታቸው ጠርታ አመጣቻቸው። ፂማቸው ሙሉ ለሙሉ ነጥቷል፤ መነጽራቸው በዚያው ገመድ ታስሯል። ኳሷን መዝነው፣ ስፌቷን አይተው ከቧንቧው አስገቧት። ፍጥነቱን በላይ በቀረጸው ልክ አደረጉት። ስክሪኑን አጠፉ።

የመጀመሪያው ጭምብል ቻለ። ሁለተኛውም ቻለ። እጄን ደረቴ ላይ አድርጌ ቆሜያለሁ። ሦስተኛው ላይ እንደ ደረቅ እንጨት ቀጭ የሚል ድምፅ ተሰማ።

ራሞን ወደ እኔ ዞሩ። "ምን አየሽ?"

"የግራው መቆንጠጫ ለቀቀ። ፍርግርጉ ዞረና ጫፉ ገባ። ከዓይኑ ሥር ነካው።"

ዳያን ስክሪኑን አላበራችም። በሩን ከፍታ ገባችና የፕላስቲኩን ጭንቅላት ወደ እኛ አዞረችው። ነጩ ቅባት ላይ ያለው አሻራ ሶሊያና የተሰፋችበት ቦታ ላይ ነበር፤ እዚያው ላይ። ከዚያ ዳያን "ቀጥሉ" አለች፤ ቀጠልን። ብዙዎቹ እንደዚያው ሆኑ።

እኔ ወደ መታጠቢያ ቤት ሄጄ አለቀስኩ። ኀዘንም ደስታም ነበረው። ከዚያ ፊቴን ታጥቤ በላይን ደወልኩለት።

"በላይ፣ ሶሊያና ማሰሪያውን አላላላችውም። ሙቀቱ ነው የጎዳው። ዛሬ በዓይናችን አየነው።"

"ኦኬ" አለ፤ ድምፁ ሌላ ሰው ይመስላል። "ቆይ እሷኑ ላገናኝዎት። እርስዎ ይንገሯት።"

ስነግራት "ሪሊ?" አለች። ደገምኩላት። "አንዴ ደግሞ በይው፣ እትዬ" አለችኝ፤ ለሦስተኛ ጊዜም ነገርኳት።

ዳያን የድርጅቱን ሰዎች ራሷ ደውላ ጠራቻቸው። አንድ የሥራ ባልደረባዬ ይህን ያህል ትልቅ ደንበኛ ብናጣስ ሲላት፣ "ይሂድ" ነበር መልሷ። አልሄደም። ሰዎቹ መጥተው አዩ፣ እኛ ሳንላቸው "ድገሙት" አሉ፣ እንደገና አዩ። ያን ጭምብል ከሱቆች ሰበሰቡት። መቆንጠጫውን በብረት ቀይረው አዲስ ይዘው ሲመጡ፣ የእኛም መሥሪያ ቤት ደንቡን ለውጦ ነበር፤ ማንኛውም ጭምብል ብዙ ቀንና ሌሊት ሙቀትና ብርድ ሳይፈራረቅበት መድፉ ፊት አይቀርብም። ለዚሁ የተሠራውን የማሞቂያ ሣጥን በር የሠራሁት እኔ ነኝ። እስከ ወጣሁበት ቀን ድረስ ሁሉም ሰው "የወይንሸት ትራንክ" ነበር የሚለው።

የቀረው በላይ ነበር። ሐኪሙ ለሶሊያና መጫወት ትችያለሽ ብሏታል፤ አባቷ ግን በጭራሽ አለ። ልጅቷ እኔ ዘንድ መጣች። "እትዬ፣ አንቺን ይሰማሻል፤ ፕሊስ።"

"አሁንማ እኔን መስማት የለበትም" አልኳት። "ራሱ መጥቶ ይይ።"

ዳያን ፈቀደች፤ ራሞንም መጡ። በላይ የሆቴሉን ኮት እንደለበሰ መጣ። መነጽር አደረግንለት፤ ከመስታወቱ ኋላ አቆምነው። ከሙቀት ሣጥኑ የወጣውን አዲሱን ጭምብል አጥልቀን፣ ፍጥነቱን ሶሊያናን ከመታት ኳስ በላይ አድርገን ተኮስን። በላይ ዓይኑን ጨፍኖ ነበር።

"አላየሁም" አለ። "ይድገሙልኝ።"

ደገምንለት። ገብቶ ፍርግርጉን በጣቱ ዳሰሰው፤ ቅባቱን ተጎንብሶ አየው። ንጹሕ ነው። "በግራ በኩል" አለ። በግራ ተኮስን። "በሥር።" በሥር ተኮስን። "ፍጥነቱን ይጨምሩት።" ራሞን ወደ ዳያን አዩ፤ እሷም ራሷን ነቀነቀች። ጨመርን። የጋኑ አየር አልቆ እንደገና እስኪሞላ ጠበቅን፤ በላይም አብሮን ጠበቀ። መጨረሻ ላይ ጭምብሉን ከፕላስቲኩ ጭንቅላት አውልቆ፣ በሁለት እጁ እንደ ሕፃን ይዞ፣ "ትጫወት" አለ።

በመጨረሻ የሥራ ዓመቴ ጸደይ ላይ፣ ከበላይና ከራሞን ጋር ሆነን ልናያት ሄድን። አሥራ ስምንት ሊሞላት ነው፤ ቁመቷ ከአባቷ በልጧል። ጉንጯ ላይ ያለው ቀጭን መስመር ካልተጠጉ አይታይም። እስከ መጨረሻው ዙር ድረስ ወረወረች፤ የእነሱ ቡድን በአንድ ነጥብ እየመራ ነበር። የመጨረሻዋ መቺ ትከሻዋ ሰፊ፣ የተጋጣሚው ቡድን ወርዋሪ ነበረች። ሶሊያና ወረወረች፤ ልጅቷ መታች። ኳሷ ቀጥ ብላ ወደ ሶሊያና ፊት ተመለሰች።

በላይ ክንዴን ጨበጠኝ። ድምፁ ተሰማ፤ ኳስ ቆዳ ውስጥ ስትገባ የሚሰማው ድፍን ድምፅ። ሶሊያና ጓንቷን ከፊቷ ላይ አወረደች፤ ኳሷ ጓንቱ ውስጥ ናት። መሬት ሳትነካ ስለተያዘች መቺዋ ወጣች፤ ጨዋታው አለቀ። የቡድኗ ልጆች ሮጠው ወደቁባት። በላይ ሕጉ ባይገባውም "አሸነፈች አይደል? አሸነፈች" እያለ ያቀፈኝ ነበር፤ ራሞንም በእንግሊዝኛ "አሸነፈች" አሉት።

ሰው ሁሉ ሲበተን ያቺ ኳሷን የመታችው ልጅ ወደ አጥሩ መጣች። ስትወረውር ፊቷ ባዶ እንደነበር ያኔ ነው ያስተዋልኩት። ለሶሊያና እንኳን ደስ ያለሽ ካለቻት በኋላ ጭምብሏን እያየች ቆመች።

"አያፍንም? እኔ ማየት ይከለክለኛል ብዬ ነው የማላደርገው" አለቻት።

ሶሊያና የራሷን ጭምብል አውልቃ ለልጅቷ አጠለቀችላት፤ ከኋላ ሆና ማሰሪያውን አጠበቀችላት፣ ግራውን በጣቷ ነካ ነካ አድርጋ አየችው። ልጅቷ በፍርግርጉ ውስጥ ሆና ሜዳውን ቃኘች፤ ወደ እኛም አየች።

"ይታያል" አለች።

"አዎ፣ ይታያል" አለቻት ሶሊያና። "በይ ነይ፣ ወርውሪበት።" ኳሷን አቀበለቻትና ለመቀበል ወደ ወዲያኛው ጫፍ ሮጠች።